ሆዴ ውስጥ ያለውን መረብ ማን ሠራው?

ጥያቄ፦

«ይድረስ ለዓምዱ አዘጋጅ። የምኖረው ሜሪላንድ ነው። ዕድሜዬ 54 ሲሆን መጋዘን ውስጥ ዕቃ በማንሳት ነው የምተዳደረው። ከአምስት ዓመት በፊት እምብርቴ አጠገብ ሄርኒያ (በሆድ ጡንቻ ክፍተት የሚወጣ እብጠት) ወጥቶብኝ ኦፕራሲዮን ሆንኩ። ሐኪሙ መረብ እንዳስገባልኝ ነግሮኛል። መጀመሪያ ላይ ደህና ነበርኩ። ካለፉት ሁለት ዓመታት ወዲህ ግን ስጎነበስ ይወጋኛል፣ ሆዴም ይነፋል። ጠባሳው ነው ተባልኩ። በቅርቡ ሲቲ ስካን ተነሳሁና የመረቡ ጫፍ ተጠቅልሏል፣ አንጀት ጋር ሳይጣበቅ አልቀረም፣ እንደገና መከፈት ሊኖርብህ ይችላል አሉኝ። የባለቤቴ ወንድም በቴሌቪዥን ማስታወቂያ አይቶ ቁጥሩን ደወለልኝ። ከዚያ ወዲህ በየቀኑ እየደወሉ ፈርም ይሉኛል። አንድ ጓደኛዬ ደግሞ ክሱ አልቋል፣ ገንዘቡም ተከፍሏል ይላል። ሐኪሜ ጥሩ ሰው ነው፤ እሱን መክሰስ ህሊናዬ አይፈቅድም። ያለኝ ግሪን ካርድ ነው፤ ዜግነት ስጠይቅ ያበላሽብኝ ይሆን? ብከስስ ስንት አገኛለሁ? ስሜ ይቆይ።»

መልስ፦

ወንድሜ፣ ከክሱ በፊት ሆድዎ ይቀድማል። ትኩሳት ከመጣ፣ ጠባሳው ከቀላ ወይም መግል ከያዘ፣ ካስመለሰዎት፣ ሆድዎ ተነፍቶ ጋዝም ሰገራም አልወጣ ካለ፣ ወይም እብጠት ወጥቶ ከደረቀና ወደ ውስጥ አልመለስ ካለ ቀጠሮ አይጠብቁ። በዚያው ሰዓት ድንገተኛ ክፍል ይሂዱ። መሄድ ካልቻሉ 911 ይደውሉ። አንጀት ከታነቀ ጉዳዩ የሰዓታት ነው።

እስከዚያው ግን ሌላ ቀዶ ሐኪም ጋ ቀርበው ሁለተኛ አስተያየት ይጠይቁ። ሜሽ (መረቡን በእንግሊዝኛ የሚጠሩት እንዲህ ነው) ማስገባትና ሜሽ ማውጣት ለየቅል ነው። ሥጋ የበቀለበትን መረብ ከአንጀት ላይ ማላቀቅ ልምድ ይጠይቃል። ሐኪሙን «እስካሁን ስንት ሰው ላይ ሜሽ አውጥተዋል?» ብሎ መጠየቅ ነውር የለውም። የደነገጠ ወይም የተቆጣ ሐኪም ካጋጠመዎት ወደ ሌላ ይሂዱ።

አሁን ወደ ሕጉ። እኔ ጠበቃ አይደለሁም። ለዓመታት በሆስፒታልና በጠበቆች ቢሮ ሳስተረጉም ነው ይህን ነገር የተዋወቅሁት። የምነግርዎ ጠበቃ ፊት ከመቀመጥዎ በፊት ማወቅ ያለብዎትን ነው።

ህሊናዎን ከቆረቆረው ልጀምር፤ ብዙ ሀበሻ እዚህ ላይ ነው የሚቆመው። ያከመኝን ሰው እንዴት ፍርድ ቤት አቆማለሁ ይላል። ነገር ግን እነዚህ ሁለት የተለያዩ ክሶች ናቸው። ሐኪሙ ሥራውን አበላሽቷል የሚለው የሕክምና ስህተት ክስ ነው፤ ተከሳሾቹ ሐኪሙና ሆስፒታሉ ናቸው። ዕቃው ራሱ እንከን ነበረበት፣ ወይም አምራቹ የሚያውቀውን አደጋ ደብቆ ሸጦታል የሚለው ደግሞ የምርት ተጠያቂነት ክስ ነው። እዚህ ላይ የሚቆመው ፋብሪካው ነው። የባለቤትዎ ወንድም በቴሌቪዥን ያየው ይህን ሁለተኛውን ነው።

እንዲያውም በዚህ ክስ ሐኪምዎ የሚቀርበው ብዙውን ጊዜ በምስክርነት ነው። አብዛኛው ክፍለ ግዛት የሚከተለው ሕግ እንዲህ ይላል፦ አምራቹ ማስጠንቀቅ ያለበት ሐኪሙን ነው። ምክንያቱም ሜሹን የመረጠው ሐኪሙ ነው። እናም ሐኪምዎ ቃለ መሐላ ፈጽሞ አንድ ቁልፍ ጥያቄ ይጠየቃል፦ «ኩባንያው ይህን አደጋ ነግሮዎት ቢሆን ኖሮ ያንኑ ሜሽ ይጠቀሙ ነበር?» «አልጠቀምም ነበር» ካለ ክስዎ ነፍስ ይዘራል። «አዎ፣ ዛሬም እጠቀመዋለሁ» ካለ፣ ማስጠንቀቂያ ጎድሏል የሚለው ክርክር እዚያው ሊወድቅ ይችላል። ስለዚህ ከሐኪምዎ ጋር አይጣሉ። ክትትልዎንም አያቋርጡ። የሚያምዎትን ነገር በእያንዳንዱ ቀጠሮ ይንገሩት፤ ያልተነገረ ሕመም ፋይል ላይ አይገባም፣ ፋይል ላይ ያልገባ ሕመም ደግሞ ፍርድ ቤት ውስጥ የለም።

አንድ ነገር ግን በግልጽ ልበልዎት፤ ማስታወቂያው አይነግርዎትም። ሜሽ በራሱ መርዝ አይደለም። አብዛኛው ፖሊፕሮፒሊን ከሚባል ፕላስቲክ የተሠራ ነው። ፍራንሲስ አሸር የተባለ አሜሪካዊ ቀዶ ሐኪም የፕላስቲክ መረብን ለሄርኒያ ያስተዋወቀው በ1950ዎቹ መጨረሻ ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። በ1980ዎቹ ደግሞ ሎስ አንጀለስ ላይ ኧርቪንግ ሊክተንስታይን ጡንቻውን በክር ጎትቶ ከመስፋት ይልቅ ክፍተቱን በመረብ የመሸፈንን ዘዴ አስፋፋ። ተጠግኖ እንደገና የሚወጣ ሄርኒያ በዚህ ቀነሰ። መድኃኒትና የሕክምና ዕቃ የሚቆጣጠረው የአሜሪካ መንግሥት መሥሪያ ቤት ኤፍዲኤ እንደሚለው አሜሪካ ውስጥ በዓመት ከ1 ሚሊዮን በላይ የሄርኒያ ጥገና ይደረጋል። ሜሽ ከገባላቸው ሰዎች ብዙዎቹ መኖሩንም ረስተውት ይኖራሉ።

ደግሞም ሕመም ስላለ ብቻ ዕቃው ተበላሽቷል አይባልም። በ2018 የወጣው የዓለም አቀፍ የሄርኒያ ሐኪሞች መመሪያ ከብሽሽት ሄርኒያ ጥገና በኋላ ከ100 ሰው ከ10 እስከ 12 የሚሆኑት የከረመ ሕመም እንደሚኖራቸው ይናገራል። ያለ ሜሽ የተሰፉትም ይታመማሉ። የኩባንያው ጠበቆች በዚህ ላይ ስኳር፣ ሲጋራ፣ ውፍረት፣ ከባድ ዕቃ ማንሳት እያሉ ይደረድራሉ። እርስዎ መጋዘን ነው የሚሠሩት። ይህን እንደሚያነሱብዎት ካሁኑ ይወቁት።

የእርስዎን ጉዳይ ከተራ ሕመም የሚለየው ሲቲ ስካኑ ነው። መረቡ ተጠቅልሏል፣ ከቦታው ሸሽቷል፣ አንጀት ይዟል የሚሉ ቃላት ክብደት አላቸው። ሪፖርቱን ብቻ ሳይሆን ምስሉንም በሲዲ ይውሰዱ። ነገ ሌላ ባለሙያ ራሱ አይቶ መናገር ይኖርበታል።

ሰዎች አዘውትረው «መንግሥት የፈቀደው ዕቃ እንዴት ይከሰሳል?» ይሉኛል። ጥያቄው ተገቢ ነው። በ1976 የወጣው ሕግ የሕክምና ዕቃዎችን ወደ ገበያ የሚያስገቡ ሁለት ዋና መንገዶች አበጀ። አንደኛው ረጅምና ጥብቅ ነው፤ ዕቃው ደህንነቱና ጥቅሙ በጥናት ይፈተናል። ሁለተኛው አጭር ነው። 510 ኬ ይባላል። አምራቹ «አዲሱ ዕቃዬ ከዚህ በፊት ገበያ ላይ ካለው ከእገሌ ዕቃ ጋር በመሠረቱ አንድ ነው» ብሎ ካሳየ ያልፋል። ብዙውን ጊዜ በሰው ላይ የተደረገ ጥናት አይጠየቅም። አብዛኛው የሄርኒያ ሜሽ የገባው በዚህ በአጭሩ ነው።

ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1996 በአጭሩ መንገድ ያለፈ ዕቃ በክፍለ ግዛት ሕግ ከመከሰስ አያመልጥም ብሎ ወሰነ። በ2008 ደግሞ በረጅሙ መንገድ የተፈተነ ዕቃ ከአብዛኛው እንዲህ ዓይነት ክስ ይጠበቃል አለ። ኩባንያዎቹ በቀላሉ የገቡበት በር ለከሳሾቹም ክፍት ሆኖ ቀረ ማለት ነው። ይቺ ነገር ባሰብኳት ቁጥር ፈገግ ታሰኘኛለች።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። ከደብዳቤዎ ውስጥ ፈልጌ ያጣሁት የሜሹን ስም ነው። «መረብ» ብለው አልፈውታል። የማን መረብ?

ነገሩ እንዲህ ነው። ሜሹ የሚመጣው በማሸጊያ ነው። ማሸጊያው ላይ የሚላጡ ትንንሽ ስቲከሮች አሉ። ቀዶ ጥገና ክፍል ውስጥ ነርሷ ማሸጊያውን ስትከፍት አንዱን ትልጥና የእርስዎ ፋይል ላይ ትለጥፋለች፤ ወይም ኮምፒውተር ላይ ትመዘግበዋለች። ስቲከሩ ላይ የኩባንያው ስም፣ የምርቱ ስም፣ መጠኑ በሴንቲሜትር፣ «ሬፍ» የሚል የካታሎግ ቁጥር፣ «ሎት» የሚል የምርት ዙር ቁጥርና የአገልግሎት ማብቂያ ቀን ይገኛል። ጠቅላላው ክስ የሚቆመው በዚያች ቁራጭ ወረቀት ላይ ነው። እሷ ከሌለች ኩባንያው «የእኔ ዕቃ መሆኑን በምን አወቃችሁ?» ይላል። መልስ የሌለው ፋይል ይዘጋል።

ስለዚህ ኦፕራሲዮን የሆኑበት ሆስፒታል ሜዲካል ሪከርድ ክፍል ይሂዱ፣ ወይም በኦንላይን ፖርታሉ ይጠይቁ። «ፋይሌን ስጡኝ» ብቻ ካሉ ሁለት ገጽ ማጠቃለያ አትመው ይሸኙዎታል። በስም ይጥሩት፤ «ኦፐሬቲቭ ሪፖርት» እና «ኢምፕላንት ሎግ» ይበሉ። ኦፐሬቲቭ ሪፖርት ሐኪሙ ከቀዶ ጥገናው በኋላ ምን እንዳደረገ የተረከበት ነው። ብዙ ጊዜ የሜሹን ስም ይጠራል፤ አንዳንዴ ግን «ሜሽ አስገባሁ» ብሎ ያልፋል። ስቲከሩ ወይም ሎት ቁጥሩ የሚገኘው ኢምፕላንት ሎጉ ላይ ነው።

ሂፓ የሚባለው የፌዴራል ሕግ ሆስፒታሉ በ30 ቀን ውስጥ እንዲመልስልዎት ያስገድደዋል። ምክንያቱን በጽሑፍ ካሳወቀ አንድ ጊዜ 30 ቀን መጨመር ይችላል። ለኮፒ መጠነኛ ክፍያ ሊጠይቁዎት ይችላሉ። «ለምን ፈለግከው?» ቢሉዎት የማስረዳት ግዴታ የለብዎትም። ሆስፒታሎች ደግሞ የቆየ ፋይል ለዘላለም አያስቀምጡም። እርስዎ አምስት ዓመት አልፎዎታል። ይህን ሳምንት ይጠይቁ።

ስሙ ይህን ያህል የሚያስፈልገው ለምንድን ነው ቢሉ፣ «የሄርኒያ ሜሽ ክስ» የሚባል አንድ ክስ ስለሌለ ነው። እያንዳንዱ ኩባንያ የየራሱ ታሪክና የየራሱ ፍርድ ቤት አለው።

ቀደም ብሎ የተነሳው የባርድና የዳቮል «ኩጌል» የሚባለው ሜሽ ነው። ሜሹን የሚዘረጋው ቀለበት እየተሰበረ አንጀት ስለሚጎዳ ከ2005 ጀምሮ ከገበያ ተሰበሰበ። ኩባንያው በ2011 ለ2,600 ገደማ ክሶች 184 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማማ። የኤቲከን «ፊዚዮሜሽ» ደግሞ በ2016 ከገበያ ወጣ። ምክንያቱ የጀርመንና የዴንማርክ የሄርኒያ መዝገቦች ናቸው፤ በዚህ ሜሽ የተጠገነ ሄርኒያ ከሌሎቹ ይልቅ ተመልሶ እንደሚወጣ አሳዩ። ያ ክስ አትላንታ ላይ ነበር የተሰበሰበው። በዓሣ ዘይት የተሸፈነው የአትሪየም «ሲ-ከር» የሚባለው ሜሽ ክሱ ኒው ሃምፕሻየር ላይ ነበር፤ በ66 ሚሊዮን ዶላር ስምምነት ተደረሰበት። የኮቪዲየን ክሶች በ2022 ማሳቹሴትስ ላይ ተጠቃለሉ።

ትልቁ የባርድ ነው። በ2018 ኦሃዮ ኮለምበስ ላይ በዳኛ ኤድመንድ ሳርገስ ሥር ተሰበሰበ። ባርድን የገዛው ቤክተን ዲከንሰን በጥቅምት 2024 ወደ 38,000 የሚጠጉ ክሶችን አብዛኞቹን የሚዘጋ ስምምነት ላይ መድረሱን አሳወቀ። ሲያሳውቅ የገንዘቡን መጠን አልገለጸም፤ በበርካታ ዓመታት እንደሚከፈል ግን ተናግሯል። ጓደኛዎ «አልቋል» ያለው ይህንን ሰምቶ መሆን አለበት። ግማሹን ልክ ነው። ያ ስምምነት አስቀድመው ለከሰሱ ሰዎች የተደረገ ነው፤ ለእርስዎ ተብሎ የተቀመጠ ድርሻ የለውም። ግን ሌላው ሰው ታርቋል ማለት የእርስዎ መብት ጠፍቷል ማለት አይደለም። ሜሽዎ የሌላ ኩባንያ ከሆነ ደግሞ ወሬው ጭራሽ አይመለከትዎትም።

እነዚህ የተሰበሰቡ ክሶች ኤምዲኤል ይባላሉ። ብዙ ሰው ከክላስ አክሽን ጋር ያምታታቸዋል። በክላስ አክሽን ሁሉም እንደ አንድ ከሳሽ ይታያል። በኤምዲኤል ግን ማስረጃ የማሰባሰቡ ሥራ በአንድ ዳኛ ሥር ይሰባሰባል እንጂ የእርስዎ ጉዳት፣ የእርስዎ ሜሽ፣ የእርስዎ ፋይል ለብቻው ይመዘናል። ረጅም ቅጽ በመሐላ ይሞላሉ። ዓመታት ይፈጃል። «በሦስት ሳምንት ቼክ ይደርስሃል» የሚልዎት ሰው ካለ ስልኩን ይዝጉት።

አሁን የሚያስቸኩለው ጊዜው ነው። ሜሪላንድ ውስጥ እንዲህ ላለ ክስ በአጠቃላይ 3 ዓመት አለዎት። ወንዙን ተሻግረው ቨርጂኒያ ከገቡ 2 ዓመት ይሆናል። ቴኔሲና ኬንታኪ ውስጥ 1 ዓመት ብቻ ነው። ከመቼ ጀምሮ ይቆጠራል የሚለው ነው ጣጣው። ሜሪላንድ ጉዳቱን ካወቁበት፣ ወይም ማወቅ ከነበረብዎት ቀን ጀምሮ ይቆጥራል። የእርስዎ ጠበቃ «ያወቀው ሲቲ ሲነሳ ነው» ይላል። የኩባንያው ጠበቃ «ሁለት ዓመት ሙሉ ሲወጋው የት ነበር?» ይላል። ማን እንደሚያሸንፍ ሳይጠብቁ፣ ሕመሙ ከጀመረበት ቀን ይቁጠሩ። በዚያ ስሌት የቀረዎት አንድ ዓመት ገደማ ነው። ቀዶ ጥገናው የተደረገው የት ክፍለ ግዛት እንደሆነም አልጻፉልኝም። እዚያው ሜሪላንድ ካልሆነ የሌላው ክፍለ ግዛት ሕግ ሊገዛዎት ይችላል። አንዳንድ ክፍለ ግዛቶች ደግሞ ዕቃው ከተሸጠ የተወሰነ ዓመት ካለፈው፣ ጉዳቱን መቼም ይወቁት መቼ፣ በሩን ይዘጋሉ። ለምሳሌ ቴኔሲ ውስጥ 10 ዓመት ነው። ማስታወቂያ ላይ ቁጥር መደወል ወይም ስልክ ላይ «እሺ» ማለት ይህን ቆጠራ አያቆመውም። የሚያቆመው ፍርድ ቤት የገባ ክስ ነው።

በየቀኑ የሚደውልልዎት ሰው ጠበቃ ላይሆን ይችላል። ስምና ስልክ ሰብስበው ለጠበቆች የሚሸጡ ድርጅቶች ሞልተዋል። ስሙን፣ የየትኛው ክፍለ ግዛት የጠበቃ ፈቃድ እንዳለው፣ ጉዳዩን ራሱ ይይዘው እንደሆነ ወይስ ለሌላ ቢሮ ያስተላልፈው እንደሆነ ይጠይቁት። ዞር ዞር ካለ በቃ። ፈቃዱን በክፍለ ግዛቱ የጠበቆች መዝገብ ኦንላይን ላይ በነጻ ማጣራት ይቻላል። ሊንክ ልከው «እዚህ ጋ ብቻ ጣትዎን ያሳርፉ» ሲሉዎት አያሳርፉ። ያ ፊርማ ነው። የሕክምና ፋይልዎን የመውሰድ ፈቃድም አብሮት ሊኖር ይችላል።

ውሉን በሚገባዎት ቋንቋ ይረዱት። አስተርጓሚ እንዲያቀርቡ ይጠይቁ። ልጅዎን አያስቀምጡት፤ እንግሊዝኛ ማወቅና የጠበቃ ውል መረዳት አንድ አይደለም፣ ደግሞም የአባት ሆድ ዕቃ ሲመረመር ልጅ እንዲያስተረጉም መገደድ የለበትም።

እነዚህ ጠበቆች አስቀድመው ገንዘብ አይጠይቁም። ካሸነፉ ከመቶ 33 እስከ 40 የሚሆነውን ይወስዳሉ። ከዚህ ሌላ ወጪ የሚባል አለ፤ የባለሙያ ምስክር፣ የፋይል፣ የጉዞ። ወጪው የሚቀነሰው ከጠበቃው ድርሻ በፊት ነው በኋላ? ቢሸነፉስ ማን ይከፍለዋል? መልሱ ውሉ ውስጥ ተጽፎ ይሁን። ሦስተኛው ደግሞ ሰው የማይጠብቀው ነው። ሆስፒታልዎን የከፈለው ኢንሹራንስ፣ ወይም የመንግሥት የጤና መድን የሆኑት ሜዲኬርና ሜዲኬይድ «ካሳ ካገኘህ የከፈልኩትን መልስልኝ» ማለት ይችላል።

በቁጥር ላሳይዎት። እንበልና 100,000 ዶላር ተስማሙ። ጠበቃው 40 በመቶ ከወሰደ 60,000 ቀረ። ወጪው 10,000 ቢሆን 50,000። ኢንሹራንሱ 25,000 ቢጠይቅ እጅዎ የሚገባው 25,000 ነው። ጥሩ ጠበቃ የኢንሹራንሱን ጥያቄ ተደራድሮ ያስቀንሳል። «ይህን ማን ነው የሚደራደርልኝ?» ብለው ይጠይቁ። ክሱ እስኪያልቅ ብድር እንስጥህ የሚሉም ይመጣሉ። ወለዱ ከባድ ነው፤ ካልጨነቀዎት በስተቀር አይንኩት።

ከዚህ ሁሉ የከፋው ግን ክሱ ቀዶ ጥገናዎን ሲመራው ነው። የወጣ ሜሽ ካልወጣ ሜሽ የበለጠ ካሳ ያስገኛል የሚል ወሬ ይናፈሳል። ብሩክሊን የሚገኙ የፌዴራል ዐቃቤ ሕጎች በ2019 አንድ ሐኪምንና አንድ ደላላን የከሰሱት በዚህ ነገር ነው። ጉዳዩ ለሴቶች በሚገባ ሌላ ዓይነት ሜሽ ላይ ነበር፤ ሴቶቹን ወደ ማስወጫ ቀዶ ጥገና ለመምራት ገንዘብ ተቀባብለዋል የሚል ክስ ነው። ስለዚህ ሆድዎ መከፈት አለበት የለበትም የሚለውን የሚወስነው እርስዎና ሐኪምዎ ብቻ ይሁኑ። የጠበቃ ቢሮ «ወደዚህ ሐኪም ሂድ፣ ክፍያው ለኋላ ይሆናል» ካለዎት ይጠንቀቁ።

መውጣት አለበት ከተባለና ቀኑ ከተቆረጠ ግን አንድ ነገር አይርሱ። ከሰው ሆድ የወጣ ነገር ወደ ፓቶሎጂ ክፍል ይሄዳል፤ እዚያ ከታየ በኋላ ጊዜው ሲደርስ ይጣላል። የወጣው ሜሽ ደግሞ የክስዎ ዋና ምስክር ነው። ከቀዶ ጥገናው በፊት ለሐኪሙም ለሆስፒታሉም በጽሑፍ «የሚወጣው ሜሽ እንዳይጣል፣ ተጠብቆ ይቀመጥልኝ» ይበሉ። በዚያን ጊዜ ጠበቃ ከያዙ ደብዳቤውን እሱ ይላከው፤ የሚረከበውንና የሚያስቀምጠውንም እሱ ያዘጋጅ። ቤትዎ ወስደው ፍሪጅ ውስጥ አያስቀምጡት። ማን ከማን ተረከበ የሚለው ሰንሰለት ከተበጠሰ ማስረጃው ዋጋ ያጣል። ሐኪሙ ሲያወጣው ፎቶ እንዲያነሳው መጠየቅም ይቻላል።

ግሪን ካርድዎን በተመለከተ አይስጉ። ይህ የፍትሐ ብሔር ክስ ነው። መክሰስ ወንጀል አይደለም፤ ዜጋ ያልሆነ ሰውም አሜሪካ ፍርድ ቤት መክሰስ ይችላል። የሚያሰጋው በመሐላ የሚሞላ ቅጽ ላይ መዋሸት ነው። ሲጋራ ያጨሱ ከነበረ አጨስ ነበር ይበሉ።

ስንት አገኛለሁ ላሉት፣ ቁጥር የሚነግርዎትን ሰው አይመኑ። የባርድን ክሶች ብቻ ብናይ፣ ኦሃዮ ላይ በ2021 የመጀመሪያው የሙከራ ክስ (ለሌሎቹ መለኪያ እንዲሆን ተመርጦ አስቀድሞ የሚታይ) ሲታይ ኩባንያው አሸነፈ፤ ከሳሹ ባዶ እጁን ወጣ። በ2022 ሁለተኛው ላይ ጁሪው 255,000 ዶላር ፈረደ። በዚያው ዓመት ሮድ አይላንድ የክፍለ ግዛት ፍርድ ቤት ውስጥ 4.8 ሚሊዮን ተፈረደ። በ2023 ደግሞ ኦሃዮ ላይ 500,000። ኩባንያው ያው ነው፤ ሜሹ፣ ጉዳቱና ጁሪው ግን ይለያያል። አብዛኛው ሰው ደግሞ ጁሪ ፊት አይደርስም፤ በስምምነት ነው የሚያልቀው፤ ስምምነት ላይ ሚዛን የሚደፋው ስንት ጊዜ ተከፈቱ፣ አንጀት ተቆረጠ ወይ፣ ኢንፌክሽን ነበር ወይ፣ ከሥራ ስንት ጊዜ ቀሩ የሚለው ነው። ስለዚህ ከሥራ የቀሩባቸውን ቀኖች ከአሠሪዎ በጽሑፍ ያስወጡ። ለአካል ጉዳት የሚከፈል ካሳ በአጠቃላይ የፌዴራል የገቢ ግብር የለበትም። ሜዲኬይድ ወይም ኤስኤስአይ (ገቢያቸው አነስተኛ ለሆነ አረጋውያንና አካል ጉዳተኞች የሚሰጥ የመንግሥት ድጎማ) የሚያገኙ ከሆነ ግን ገንዘቡ ከመግባቱ በፊት ለጠበቃው ይንገሩት፤ ድንገት የገባ ገንዘብ ጥቅሙን ሊያቋርጥብዎት ይችላል።

እንግዲህ ሰኞ ጠዋት ሜዲካል ሪከርድ ክፍል ይሂዱ፤ ኢምፕላንት ሎጉን ይጠይቁ። ሪከርዱ ሲደርስዎት የኩባንያውንና የምርቱን ስም፣ የተደረገበትንም ክፍለ ግዛት ጽፈው ይላኩልኝ። የስልክ ቁጥርዎንና የሕክምና ዝርዝርዎን ግን አይላኩ፤ እሱ ለጠበቃው ነው። ያኔ ጠበቃው ፊት ሲቀመጡ የትኞቹን ጥያቄዎች ማስቀደም እንዳለብዎት በሚቀጥለው እትም እንነጋገራለን።